የጎፒናት የቀትር እንቅልፍ

ዳኛው መነጽራቸውን ዝቅ አድርገው፣ «ልጄ፣ አንድ ነገር ብቻ ንገሪኝ። የምትከራከሪው ለእሱ ነው ወይስ ለራስሽ?» ብለው ሲጠይቋት ኬያ ዝም አለች።

ከልጅነቷ ጀምሮ ሰው በተሰበሰበበት ስትጠየቅ ቃሉ ጉሮሮዋ ላይ ደርሶ ይመለስባታል። በምታስተምርበት የሴቶች ትምህርት ቤት እንኳ፣ ከክፍሏ ውጭ ድምፅዋን የሚያውቅ መምህር ጥቂት ነው። የጣሪያው ማራገቢያ እየተንቋቋ ይዞራል። ተራቸውን የሚጠብቁት ባለጉዳዮች የራሳቸውን ክርክር ረስተው አንገታቸውን አስግገው ያዩዋታል። ያን ጊዜ የአጎቷ ጠበቃ ብድግ አለና መልሱን እሱ ሰጠላት።

«ክቡር ዳኛ፣ ይህች ልጅ የምታለቅሰው ለጎፒናት አይደለም፤ ለማንጎው ነው።»

አዳራሹ ሳቀ። ከፊት ረድፍ የተቀመጡት አጎቷ ባባቶሽ አልሳቁም፤ አልዞሩምም። ዳኛው ጉዳዩን ለሚቀጥለው ሳምንት ቀጥረው ሌላ ባለጉዳይ አስጠሩ።

ጎፒናት ቁመቱ ከአንድ ክንድ የማይበልጥ፣ ዋሽንት የያዘ የጥቁር ድንጋይ ምስል ነው። ቦይራጋቺ በምትባል የወንዝ ዳር ከተማ ውስጥ፣ ከኬያ ቤተሰብ ጋር በአንድ ግቢ ይኖራል። ቤተሰቡ «ይኖራል» ሲል ለአባባል ያህል አይደለም። ጎፒናት ማለዳ ይቀሰቀሳል፣ ይታጠባል፣ ይለብሳል፣ ይበላል። ቀትር ላይ በሩ ተዘግቶለት ይተኛል፤ ያን ሰዓት በግቢው ውስጥ ድምፁን ከፍ የሚያደርግ ልጅ ጆሮው ይቆነጠጣል። በብርድ ወራት ብርድ ልብስ ይደረብለታል። ቤቱ፣ ኩሬው፣ ከኩሬው ማዶ ያለው የማንጎ አትክልት ሁሉ የእሱ ነው። የቤቱ ቅድመ አያት አንድ ዘመን ላይ ሁሉንም በስሙ አድርገውለት አልፈዋል፤ ዘሮቻቸውም ባለቤቶች ሳይሆኑ ባለአደራዎች ሆነው ቀሩ። አገልግሎቱን በተራ ይካፈሉታል። ተራው የደረሰው ሰው የመቅደሱን ቁልፍ ይይዛል፣ ለካህኑ ይከፍላል፣ ጎፒናትን ያበላል፣ በእነዚያ ወራት ግቢው የሚሰጠውንም ፍሬ እሱ ያዝዝበታል።

ተራው ለሦስት ወንድማማቾች ተከፍሎ ነበር። ለታላቁ ለባባቶሽ የበዓላቱ ወራት፣ ለታናሹ የብርድና የጭጋጉ ወራት፣ ለመካከለኛው ለኬያ አባት ደግሞ ማንጎ የሚበስልበት ሙቀትና ከእሱ የሚከተለው ዝናብ ደረሳቸው። ታናሹ ሞቶ ተራው ለሚስቱ ለካኪማ አለፈ። ቀጥሎ የኬያ አባት ሞተ፤ ወንድም ስላልነበራት ቁልፉን ኬያ ከሳሪዋ ጫፍ ላይ ቋጠረችው።

ባባቶሽ ወደ ካልካታ ከሄዱ ብዙ ዘመን ሆኗቸዋል። የበዓላቱን ወራት እንኳ የሚያገለግሉት በቅጥር ሰው ነው። አሁን ግን አንድ ነጋዴ በአትክልቱ ቦታ ላይ ትልቅ የሰርግ አዳራሽ ሊሠራ ጠይቋቸዋል። ጎፒናት ካልካታ ሄዶ በአዲስ ሕንፃ ምድር ቤት አንዲት ንጹሕ ክፍል ይሰጠው፤ ቤቱና አትክልቱ ለነጋዴው በረጅም ኪራይ ይለፍ ነው የሚሉት። የጎፒናት መሬት ያለ ፍርድ ቤት ፈቃድ ለሌላ አይተላለፍምና ፈቃድ ጠየቁ። የመቅደሱ ጣሪያ ያፈሳል አሉ፤ እውነታቸውን ነው። ካኪማም አብረዋቸው ፈረሙ። እምቢ ያለችው ኬያ ብቻ ናት።

ከፍርድ ቤቱ ደረጃ ግርጌ አጎቷ ጠበቋት። ባባቶሽ ክፉ ሰው አይደሉም። በልጅነቷ የሰረገላው በዓል ሲደርስ ትከሻቸው ላይ አውጥተው ሰረገላውን ያሳዩአት የነበሩት እሳቸው ናቸው። ዛሬም ድምፃቸው ለስላሳ ነበር። ብትፈርም ድርሻዋ እንደማይቀርባት፣ ካልካታ ጥሩ ትምህርት ቤት እንደሚፈልጉላት ነገሯት።

«ለመሆኑ አንቺ ሴት ልጅ ነሽ» አሉ በመጨረሻ። «ነገ ታገቢና ትሄጃለሽ። ያኔ ጎፒናትን ለማን ልትተዪው ነው?»

«እርስዎ ወንድ ነዎት ጄቱ» አለች ኬያ፣ መሬት መሬት እያየች። «ለማን ነበር የተዉት?»

የአባት ታላቅ ወንድም ጄቱ ይባላል፤ ጄቱን እንዲህ ብሎ መመለስ ደግሞ በዚያ ቤት ታይቶ አይታወቅም። የባባቶሽ ቆሽት አረረ። አባቷም እንዲሁ አንገተ ደንዳና እንደነበር፣ የቤቱንም ገመና ለአንድ ሙስሊም ጠበቃ አሳልፋ እንደሰጠች ተናገሩ። ይህን ሲሉ ጠበቃዋ ሻምሱል የመዝገብ ክምር በብብታቸው ይዘው ከኋላ ይወርዱ ነበር።

«ባባቶሽ ባቡ» አሉ ሻምሱል፣ በአክብሮት ጠርተዋቸው፣ ሳይቆሙ፣ «እዚህ ፍርድ ቤት ለስንት አማልክት ቆሜያለሁ። እስካሁን ሃይማኖቴን የጠየቀኝ የለም። የሚጠይቁኝ ዘመዶቻቸው ናቸው።»

ከግቢው በር ማዶ ባለችው ሻይ ቤት ሻምሱል ለሁለት ሰው ሻይ አዘዙ። ኬያ ይቅርታ ልትጠይቃቸው ፈልጋ ቃሉ አልወጣ አላት። የሸክላ ስኒዋን በሁለት እጇ ይዛ፣ «መመለስ ነበረብኝ» አለች።

«ምን ብለሽ ትመልሺ ነበር?»

አሰበች። «ለሁለታችንም ነው እል ነበር።»

«እንኳን ዝም አልሽ» አሉ ሻምሱል።

ከዚያ ነገሩን ለተማሪ እንደሚያስረዱ አድርገው አስረዷት። በሕጉ ፊት ጎፒናት ሰው ነው፤ መሬት ይይዛል፣ ይከሳል፣ ይከሰሳል። ነገር ግን ለአካለ መጠን ያልደረሰ ልጅ ነው፤ መቼም አይደርስም። ባለአደራዎቹ እንደ ሞግዚት ናቸው። ሞግዚቶቹ እርስ በርሳቸው ሲጣሉ፣ ፍርድ ቤቱ ስለ ልጁ ብቻ የሚናገር ሌላ ሰው ሊያቆም ይችላል። ያ ሰው ታዲያ ከልጁ ንብረት የሚያገኘው አንዳች ጥቅም ሊኖረው አይገባም።

«እስካሁን ሁላችሁም ስለ ተራችሁ ተናገራችሁ» አሉ። «ልጁን የጠየቀው የለም።»

እንዲህ ያለ ሰው ከየት ይምጣ? የሰፈሩ ሽማግሌዎች ግማሾቹ የሰርግ አዳራሹን ይፈልጉታል፤ ግማሾቹ ባባቶሽን ይፈራሉ። ኬያ የቀዘቀዘውን ሻይዋን ጨልጣ፣ «ተራዬን ብለቅስ?» አለች።

ሻምሱል ስኒያቸውን አስቀመጡ። የተለቀቀ ተራ እንደማይመለስ፣ ልጅ ብትወልድ ለልጇም እንደማይደርስ አስጠነቀቋት። መልቀቅ የምትችለውም ለሌላ ባለአደራ ብቻ ነው። ያሉት ሁለት ናቸው፤ አንዱ አጎቷ ናቸው።

«ሌላዋ ካኪማ ናቸው» አለች ኬያ። «ከእናቴ ጋር በአንድ ማሰሮ ተጣልተው እናቴ እስክትሞት አላናገሯትም።»

ካኪማ ከሰዓት በኋላ በኩሬው ደረጃ ላይ ተቀምጠው ገና ያልበሰለ ማንጎ እየከተፉ ነበር። መሬት ላይ ተተክሎ በእግር የሚያዘውን ቢላ በአውራ ጣታቸው ረግጠው፣ ፍሬውን በሁለት እጃቸው ወደ ስለቱ ይገፉታል። ወሬው ከአውቶቡሱ ቀድሞ ደርሷቸዋል።

«ፍርድ ቤት ሳቁብሽ አሉ።»

«ሳቁብኝ፣ ካኪማ።»

«ጥሩ ነው። ዝምተኛ ሰው ሲሳቅበት ወይ ይሞታል ወይ አፉ ይፈታል።»

ኬያ አንድ ደረጃ ዝቅ ብላ ተቀመጠችና ሳትዞር ሳትጠማዘዝ ነገረቻቸው። የማንጎ ወራት ተራዋን ለእሳቸው ትለቃለች። እሳቸው ደግሞ ከባባቶሽ ጋር የፈረሙትን ይሰርዛሉ። ካኪማ ከተፋቸውን አቁመው፣ ያመማት ነገር እንዳለ ጠየቋት። ከዚያ ከስንት ዘመን በፊት ጀምሮ ሆዳቸው ውስጥ የተቀመጠውን አወጡት።

«ባሌ ታናሽ ስለሆነ ለእኛ የደረሰን ጭጋግ ነው። ለአባትሽ ማንጎ፣ ለባባቶሽ በዓል፣ ለእኛ ጭጋግ! በዚያ ብርድ ጎህ ሳይቀድ ውሃ ስቀዳ ጉልበቴ አለቀ። አሁን ጉልበት ሳይኖረኝ ማንጎ ትሰጪኛለሽ?»

«ሥራውን እኔ እሠራዋለሁ። አበባውን እለቅማለሁ፣ ምግቡን አበስላለሁ። እርስዎ ያዝዙኛል።»

«እና አንቺ ምን ልትሆኚ?»

«ምንም።»

«በዚህ ቤት ምንም የሆነ ሰው አላየሁም፤ ሁሉም ጌታ ነው።» ካኪማ ክታፊውን በጨው አሹት። ባባቶሽ ካልካታ ውስጥ ክፍል እንደሚሰጧቸው ተናገሩ፤ ሕንፃው አሳንሰር አለው፣ ደረጃ የለም። ሰው የሌላት አሮጊት ከዚህ ኩሬ ደረጃ ላይ ተንሸራታ ብትሞት ማን ያያታል?

«ክፍሉ በማን ስም ነው?» አለች ኬያ።

ካኪማ የሚያሹትን እያሹ ቆዩና፣ «የባባቶሽ ቃል ብቻ ነው» አሉ።

«ጎፒናትንም የሚወስዱት በቃላቸው ነው።»

ከኩሬው ማዶ አንድ ፍሬ ከዛፍ ላይ ወደቀ። ሁለቱም ወደ ድምፁ ዞሩ። ኬያ ቀጥላ አንድ ነገር እንዳለ ነገረቻቸው። ከዚህ በኋላ ከዚህ አትክልት አንድ ማንጎ አትቀምስም፤ መሬት ወድቆ ያገኘችውንም ቢሆን።

«ጎፒናት የቀመሰውንስ? የእሱ ትራፊ ለመንገደኛ እንኳ ይሰጣል።»

«እሱንም።»

ካኪማ ረጅም ጊዜ አዩዋት። አባቷ የመጀመሪያውን የበሰለ ፍሬ ለጎፒናት ካቀረበ በኋላ ለእሷ እየላጠ ሲያበላት እዚሁ ደረጃ ላይ አይተዋል። «ያቺ እናትሽ» አሉ በመጨረሻ፣ «በጨውና በቅመም የዘፈዘፍኩትን የማንጎ አቻሬን ማሰሮ የሰበረችው ሆን ብላ ነበር።»

«ሆን ብላ ነው» አለች ኬያ።

«ታውቂያለሽ?»

«ነግራኛለች።»

ካኪማ እጃቸውን በሳሪያቸው ጠረጉ። «ይህን የሚያምን አንድ ሰው እስክሰማ ጸጉሬ ሸበተ» አሉ፤ ተነሡም። ውል ቤት የሚሄዱት በማግስቱ እንደሆነ፣ ቁልፉ ግን እዚያ በሰው ፊት እንዳይሰጣቸው፣ ጎፒናት እያየ ይሁን አሉ።

በማግስቱ ፈረሙ። ማታ ጎፒናት ከመተኛቱ በፊት፣ ሁለቱም መቅደሱ ደፍ ላይ ቆመው፣ ኬያ ከሳሪዋ ጫፍ ላይ ቋጠሮውን ለመፍታት ታገለች። የዘንድሮው ተራዋ ከገባ ጀምሮ ፈትታው አታውቅም፤ ጨርቁ ጠንክሮ ነበር። በጥርሷ ፈታችው። ቁልፉን ከካኪማ ሳሪ ጫፍ ላይ ቋጠረችና አጠበቀችው። ካኪማ ቁልፉን ወደ ጀርባቸው ወርወር አድርገው፣ «የነገው አበባ ትኩስ ይሁን፤ የደረቀ አልወድም» አሉ። ከዚያ በኋላ ለብዙ ቀን የኬያ እጅ ቁልፉን ፍለጋ ወደ ትከሻዋ እየሄደ ባዶውን ይመለስ ነበር።

በቀጠሮው ቀን ሻምሱል ተነሥተው፣ ደንበኛቸው ተራዋን በውል እንደለቀቀች ሲናገሩ ባባቶሽ ለመጀመሪያ ጊዜ ዞረው አዩዋት። ፊታቸው ላይ ፈገግታ ነበር። ሻምሱል የተለቀቀው ለማን እንደሆነ ሲያነቡ ፈገግታው እንዳለ ደረቀ። ካኪማ ከኋላ ወንበር ተነሥተው የፊተኛውን ፊርማቸውን መሰረዛቸውን ተናገሩ። የባባቶሽ ጠበቃ፣ ፈርመው አልነበረም ወይ ብሎ ጠየቃቸው።

«ፈርሜ ነበር። አሁን አልፈርምም።»

ጠበቃው ወደ ዳኛው ዞረ። ይህ ጨዋታ ነው አለ። ልጅቷ ተራውን በአፏ ለቃ በእጇ ይዛዋለች። ዛሬም ጠዋት አበባ ስትለቅም ታይታለች። ነገ ማንጎውን የምትበላው እሷ ናት።

«ስትበላ አይተሃል?» አሉ ካኪማ፣ ሳይጠየቁ። «ማንጎ በሞላው ግቢ ውስጥ እየኖረች ከገበያ ማንጎ የምትገዛ ሰው ናት። የገበያው ነጋዴ ሁሉ ይስቅባታል። እኔም እስቃለሁ።»

አዳራሹ ሳቀ፤ የዛሬው ሳቅ ግን ኬያን አላሳነሳትም። ዳኛው ሳቁ እስኪያልፍ ጠብቀው መነጽራቸውን ዝቅ አደረጉ።

«ባለፈው ጠይቄሽ ነበር።»

ኬያ ቆመች። ቃሉ ጉሮሮዋ ላይ ደረሰ። እንደልማዱ ሊመለስ ሲል የጠረጴዛውን ጠርዝ ያዘች።

«ያን ጊዜ ለሁለታችንም ነበር፤ ለእሱም ለእኔም» አለች። «ስለዚህ የእኔን ተውኩት። የቀረው የእሱ ብቻ ነው።»

የባባቶሽ ጠበቃ፣ ጎፒናት የሚፈልገውን በምን እንዳወቀች፣ ምናልባት አነጋግሯት እንደሆነ ጠየቀ። ጥቂት ሰው ፈገግ አለ።

«አላነጋገረኝም። አጎቴንም አላነጋገራቸውም፤ እሳቸው ግን ካልካታ መኖር ይፈልጋል ይላሉ።» ድምፅዋ ቀጭን ነበር፤ ግን አልተንቀጠቀጠም። «የሙት ልጅ ቤት ሲያፈስ ጣሪያውን ይጠግኑለታል እንጂ ቤቱን አከራይተው ልጁን ምድር ቤት አያስገቡትም። እንዲህ የሚያደርግ ዘመድ በእኛ አገር ስም አለው። አደራ በላ ይባላል።»

ባባቶሽ አንገታቸውን ደፉ። ኬያም ቃሉ ከአፏ ሲወጣ ትከሻቸው ላይ ሆና ያየችው ሰረገላ ትዝ አላት። አልመለሰችውም።

ዳኛው ብዙ ጻፉ። ክርክሩ እስኪያልቅ ስለ ጎፒናት የምትናገረው ኬያ እንድትሆን፣ እስከዚያው ማንም እንዳያነሣው፣ መሬቱንም እንዳያስተላልፍ አዘዙ። ጣሪያው ደግሞ ከማንጎው ገቢ ይጠገን አሉ። ካኪማ ትንፋሻቸውን ወደ ውስጥ ሲስቡ እስከ ፊት ረድፍ ተሰማ።

ደረጃው ላይ ሻምሱል ገና መጀመሪያው መሆኑን ነገሯት። ባባቶሽ ይግባኝ ይላሉ፤ እንዲህ ያለ ክርክር ተከራካሪውን ያስረጃል።

«እሱ አያረጅም» አለች ኬያ።

«አንቺ ግን ታረጃለሽ» አሉ ሻምሱል።

«አውቃለሁ።»

በማግስቱ ቀትር ላይ ባባቶሽ አንድ ቀያሽ አስከትለው መጡ። ትእዛዙ ገና በእጃቸው አልደረሰም፤ መለካት ደግሞ ማንሣት አይደለም ብለው ይሆናል። ፀሐዩ ግቢው ላይ ተነጥፏል፤ ቁራ እንኳ አይጮኽም። ካኪማ ክፍላቸው ውስጥ አሸልበዋል። የመቅደሱ በር ተዘግቷል። ኬያ ደረጃው ላይ ተቀምጣ ከገበያ የገዛችውን ማንጎ እየላጠች ነበር።

ባባቶሽ ፊታቸው ቀልቷል። አደራ በላ ብላቸዋለች፤ በሰው ፊት፣ በዳኛ ፊት። ከካልካታ እስከዚህ ድረስ የሚሏትን ሲያዘጋጁ እንደመጡ ያስታውቃሉ። አፋቸውን ከፈቱ።

«ቁልፉን አምጪ» አሉ። በሹክሹክታ ነበር የወጣው።

«ተኝቷል፣ ጄቱ» አለች ኬያ፣ እሷም በሹክሹክታ።

«መተኛቱን አውቃለሁ። ከመቅደሱ ጥግ ነው ልኬቱ የሚጀምረው። ይከፈት።»

«አይከፈትም።»

«እኔ የዚህ ቤት ታላቅ ነኝ።»

«የቤቱ ባለቤት ውስጥ ነው። ሲነሣ ይጠይቁት። መልሱን የምነግርዎት ግን እኔ ነኝ፤ እምቢ ነው የሚለው። ነገም እምቢ ነው። እኔ ሞቼ ሌላ ሰው ሲቆምለትም እምቢ ነው።»

አጎትና የወንድም ልጅ እዚያ ፀሐይ ላይ፣ አንዱ ሌላውን ሳያሸንፍ፣ ቤቱን ሁሉ ያነቃል የሚባል ጠብ በሹክሹክታ ተጣሉ። ቀያሹ አንዴ እሷን አንዴ እሳቸውን ያያል። የካልካታ ልጅ ነው፤ ለምን ድምፃቸውን እንደሚውጡ አልገባውም። ጊዜ ላለማባከን ብሎ የብረት ሜትሩን ከሳጥኑ ሳበ። ሜትሩ እየተንኳኳ ድንጋዩ ላይ ተዘረጋ።

«እሽሽ!» አሉት ባባቶሽ።

ያሉት ሳያስቡ ነው። እጃቸውም አብሮ ተነሥቶ ነበር፤ ጆሮ ሊቆነጥጥ እንደሚነሣ እጅ። ኬያ ያን ጊዜ አጎቷ ባዶ እግራቸውን መሆናቸውን አየች። ጫማቸውን ማንም ሳይጠይቃቸው ግቢው በር ላይ አውልቀው፣ በግራ እጃቸው እንደያዙት ነው የገቡት።

ባባቶሽ የተነሣውን እጃቸውን አዩት፤ ቀጥለው እሷን አዩዋት። ኬያ ዓይኗን አልሰበረችም። ማንጎዋን በቢላ ከሁለት ከፈለች።

ቀያሹ ሜትሩን ቀስ አድርጎ ጠቀለለ። ሁለቱም ወደ ግቢው በር ተመለሱ፤ ባባቶሽ ጫማቸውን እንደያዙ፣ የጋለውን ድንጋይ በተረከዛቸው እየረገጡ። ድምፃቸው ከፍ ብሎ የተሰማው አውራ መንገዱ ላይ ከደረሱ በኋላ ነበር። ነጋዴውን፣ ጠበቃቸውን፣ የአገሩንም ሙቀት ተሳደቡ።

«ማነው?» አሉ ካኪማ ከክፍላቸው፣ በእንቅልፍ ድምፅ።

«ማንም የለም። ይተኙ» አለች ኬያ፤ የገበያውን ማንጎ ነከሰችው። ኮምጣጣ ነበር፣ ቃጫውም ጥርሷ ውስጥ ገባ። በላችው።